«ደሙ ነው» እና የአዋሽ ዝንጀሮዎች

ደብረ ብርሃን ያደገ ሰው «ምን ታደርገዋለህ፣ ደሙ ነው» ሲባል ሰምቷል። እኛ ቤት የሚባለው ሚስቱን ስለሚመታ አንድ ዘመዳችን ነው፤ አባቱም እንዲሁ ነበሩ። ከአንኮበር አፋፍ ሆኜ ወደ አዋሽ ቆላ ባየሁ ቁጥር ይቺ ንግግር ትዝ ትለኛለች። ለምን መሰላችሁ?

አዋሽ ፓርክ አካባቢ ሁለት የዝንጀሮ ዝርያዎች ይገናኛሉ፤ ይዳቀላሉም። የሃማድርያስ ወንድ ሴቶቹን እየነዳ ይውላል፣ የራቀችውን አንገቷን ይነክሳል። አኑቢስ የሚባለው እንዲህ ሴት አይነዳም። እ.ኤ.አ. በ2016 የታተመ ጥናት እንዳሳየው፣ በሁለቱ መካከል በጣም ከተለያዩት የጂን ስብስቦች አንዱ የዶፓሚን ነው፤ ዶፓሚን የአንጎል ሴሎች መልእክት የሚለዋወጡበት ኬሚካል ነው። እንግዲህ «ደሙ ነው» እንዲያው ባዶ ወሬ አይደለም።

ግን ሌላም አለ። የስዊዘርላንዱ ተመራማሪ ሃንስ ኩመር የአኑቢስ ሴቶችን ወስዶ ሃማድርያስ መንጋ ውስጥ ለቀቃቸው። አንድ ሰዓት ያህል ቢበቃቸው ነው፣ ወንዱን መከተል ለመዱ። አኑቢስ መንጋ የገባችው የሃማድርያስ ሴት ደግሞ መከተሉን እርግፍ አድርጋ ተወችው። ጂኗ ያው ነው፤ የተቀየረው አጠገቧ ያለው ነው።

ሰው ዝንጀሮ አይደለም፣ አውቃለሁ። ዘመዳችን ግን ያንኑ ደም ይዞ በየጠዋቱ ሥራ ይገባል። አለቃው ሲሰድበው እጁ ተነስቶ አያውቅም።