የትውልድ ሐረግ እንደ ማስረጃ፤ በጋምቤላ ኑዌሮችና አኙዋዎች ዘንድ

አንድ ሰው የአንድ ብሔረሰብ አባል መኾኑ በምን ይረጋገጣል? ይህ ጥያቄ በጋምቤላ ክልል ከሊቃውንት ክርክር ዐልፎ የኑሮ ጕዳይ ኾኗል። በ1987 ዓ.ም. የጸናው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 39 ንኡስ አንቀጽ 5 የጋራ ባህልን፣ መግባቢያ ቋንቋን፣ የተዛመደ ህልውና አለን የሚል እምነትን፣ የሥነ ልቡና አንድነትንና የተያያዘ መልክዓ ምድርን የብሔረሰብ መለያ አድርጎ ደንግጓል። እነዚህ መለያዎች ሕዝብን ከሕዝብ ይለያሉ እንጂ፣ ግለሰቡ ወገኑን በምን እንደሚያስረዳ አይናገሩም። ይህን ክፍተት ብዙ ጊዜ የሚሞላው የሽማግሎች ቃል፣ ይኸውም የትውልድ ሐረግ ነው።

የነገሩ ክብደት ከቍጥር ይታያል። በ1999 ዓ.ም. በተደረገው ቈጠራ ክልሉ 307,000 ያህል ነዋሪ ሲኖረው፣ ኑዌሮች ወደ 47 ከመቶ፣ አኙዋዎች ወደ 21 ከመቶ ነበሩ። መዠንግር፣ ኦፖና ኮሞም ከነባሮቹ ብሔረሰቦች ይቈጠራሉ። ዞንና ሹመት በብሔረሰብ በሚከፈሉበት አገር፣ በአንድ ወገን ላይ የሚጨመር ሰው ኹሉ የሌላውን ድርሻ የሚነካ ይመስላል።

በኑዌር ዘንድ የዘር ሐረግ «ቶክ ድዊል» ይባላል፤ ትርጓሜውም የጎጆ ደጃፍ ማለት ነው። እንግሊዛዊው ኢቫንስ ፕሪቻርድ እ.ኤ.አ. በ1940 ባሳተመው መጽሐፍ እንዳስረዳው፣ የታላላቆቹ ጎሣዎች ሐረግ እስከ ጎሣው አባት ድረስ ከ10 እስከ 12 ትውልድ ይቈጠራል። ትውልድ ሲጨመር ግን ቍጥሩ ብዙም አያድግም፤ መካከለኞቹ ስሞች እየተረሱ ይወድቃሉና። ስለዚህ ሐረጉ እንደ መዝገብ ሊታይ አይገባውም። የሚያስረዳው የመሥዋዕት ሥጋ የሚካፈለው፣ የደም ካሣ የሚያዋጣው፣ ማግባትም የማይፈቀድለት ማን እንደ ኾነ ነው። ከዚህም በላይ ሐረጉ እንግዳን ይቀበላል። ከዲንካ የመጣ ሰው ለአባቶች መንፈስ መሥዋዕት ቀርቦለት «ቡት» የሚባለውን የአባት ወገን ዝምድና ካገኘ እንደ ልጅ ይቈጠራል። በጋምቤላ የሚኖሩት አብዛኞቹ ኑዌሮች የሚመደቡበት የጂካኝ ክፍል ራሱ፣ የመሪው ጎሣ አባት ኪር ዲንካ እንደ ነበረ ይተርካል።

አኙዋም ልጅን በአባት ይቈጥራል፤ ነገር ግን ለደም ንጽሕናና ለመንደር ምድር የሚሰጠው ክብደት ከኑዌር የጠነከረ ነው። ጥሎሹ «ዲሙይ» የሚባለው ብርቅ ጨሌ ነበር። በመሳፍንቱ ዘንድ ደግሞ ማስረጃው ጥብቅ ነው፤ አባቱ የንግሥናውን ምልክት ያልተቀበለ ሰው ለሥልጣኑ አይበቃም። ስለዚህም የሐረጉን መብት ለልጆቹ ለማቈየት ሲል ምልክቱን ለጥቂት ጊዜ ብቻ የሚቀበል መስፍን ነበር።

የኹለቱ ደንቦች ግጭት በጋብቻ ይገለጣል። ኑዌሩ ከብት ሰጥቶ የአኙዋ ልጅ ሲያገባ የሚወለደው ኑዌር ነው፤ አንዱ ይህን ዝምድና ሲለው፣ ሌላው የወገን መመናመን አድርጎ ያየዋል።

ከዚህ የበለጠው ችግር ከወሰን ይመጣል። በ1894 ዓ.ም. ዳግማዊ ምኒልክ ከእንግሊዝ ጋራ የተዋዋሉት ወሰን አኙዋንም ኑዌርንም ከኹለት ከፈለ። አብዛኛው አኙዋ በኢትዮጵያ፣ አብዛኛው ኑዌር በሱዳን በኩል ቀረ። በ1922 ዓ.ም. የወጣው የዜግነት ሕግም ኾነ በ1996 ዓ.ም. የተተካበት ዐዋጅ ቍጥር 378 ዜግነትን በትውልድ ያወርሳሉ፤ ከወላጆቹ አንዱ ኢትዮጵያዊ የኾነ ኹሉ ኢትዮጵያዊ ነው። እንግዲህ ሐረጉ ኹለት ጥያቄ ይቀርብለታል፦ ሰውዬው ኑዌር ነውን? ኢትዮጵያዊስ ነውን? የመጀመሪያውን ይመልሳል፤ ለኹለተኛው ግን ዝም ይላል። የሚጠሩት አባቶች ወሰኑ ሳይኖር፣ ወይም ወሰኑን ሳያውቁ፣ ከብታቸውን ተከትለው ወዲያና ወዲህ ኖረዋልና። በ2006 ዓ.ም. በደቡብ ሱዳን ጦርነት ተነሥቶ በመቶ ሺሕ የሚቈጠሩ ስደተኞች ወደ ጋምቤላ ከገቡ ወዲህ፣ የአንድ ሐረግ ልጆች አንዱ የቀበሌ መታወቂያ፣ ሌላው የስደተኛ ወረቀት ይዘው ይገኛሉ።

የሕንድ ሕግ ለንጽጽር ይጠቅማል። እ.ኤ.አ. በ1950 በጸናው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 342 መሠረት የነገዶቹ ዝርዝር በመንግሥት ይታወጃል። የግለሰቡን አባልነት ግን አጣሪ ጉባኤ ይመረምራል፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ1994 የዚህን አሠራር ዘርግቷል። ከ1950 በፊት የተጻፈ የአባት ወይም የአያት የትምህርት ቤትና የመሬት መዝገብ ትልቅ ክብደት አለው። አመልካቹ የነገዱን ልማድ ማወቁም ይፈተናል፤ ፍርድ ቤቱ ግን በ2023 ይህ ፈተና ብቻውን ወሳኝ እንዳልኾነ፣ በየጕዳዩም ግዴታ እንዳልኾነ ፈርዷል።

በጋምቤላ እንዲህ ያለ አሮጌ መዝገብ የያዘ ቤተ ሰብ ጥቂት ስለ ኾነ፣ የሽማግሎችን ቃል መናቅ ማስረጃውን ኹሉ መናቅ ይኾናል። ይኹን እንጂ ቃሉ በሚያውቀው ነገር፣ ይኸውም በአባትነት፣ በጥሎሽና በመሥዋዕት በተገኘ ዝምድና ሊመሰክር ይገባዋል። ዜግነት ሲጠየቅ የወላጆችን የትውልድ ስፍራና የኑሮ ዘመን የሚያውቁ ጎረቤቶች ይመስክሩ። በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ የተጀመረው የልደት ምዝገባ ለመጪው ትውልድ ይህን ሸክም ያቀልለት ይኾናል፤ ከዚያ በፊት ለተወለደው ግን የብሔረሰብ ማስረጃ የዜግነት ማስረጃ ተደርጎ እንዳይወሰድ፣ ባለመኖሩም ዜግነት እንዳይነፈግ መጠንቀቅ የዳኛውና የሹሙ ፈንታ ነው።