ከመቀስ ወደ ካሜራ

ሲኒማ ቤት የሚገባ ሰው የተዋንያኑን ስም አይስትም፤ ቢበዛም የዳይሬክተሩን ስም ይጠይቃል። በጨለማ ክፍል ተቀምጦ ፊልሙን እየቆረጠ የሚቀጥለውን ሰው ግን ማን ያስታውሰዋል? ፊልም በአንድ ሴኮንድ 24 ሥዕሎች ያሳልፋል። እንግዲህ የአንድ ሰዓት ተኩል ፊልም 129,600 ሥዕሎች አሉት ማለት ነው። ከተነሣው ሁሉ የሚቀረውን ከሚጣለው የሚለየው ይኸው ሰው፣ ማለት ኤዲተሩ ነው። የምታለቅስ እናት ፊት ቀደም ብሎ ቢቆረጥ ሐዘኗ ሳይሰማን ያልፋል፤ ቢረዝም ደግሞ ይሰለቸናል።

የባንግላዴሹ ሳይዱል አናም ቱቱል የታወቀው በዚሁ ሙያ ነው። በ1971 (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) አገሩ ከፓኪስታን ነፃ ለመውጣት ስትዋጋ እርሱም ከተዋጊዎቹ አንዱ ነበር። ከዚያም ህንድ አገር፣ ፑኔ ከተማ ካለው የፊልም ትምህርት ቤት ገብቶ ኤዲተርነትን ተማረ። በ1979 የወጣው «ሱርጆ ዲግሃል ባሪ» የተባለው ፊልም ከ1943ቱ የቤንጋል ረሀብ በኋላ ልጆቿን ይዛ ወደ መንደሯ የተመለሰች አንዲት ድኻ እናት የምታየውን መከራ ይተርካል። ቱቱል ይህን ፊልም በማቀናበሩ የአገሩን ብሔራዊ የፊልም ሽልማት ተቀበለ። ከዚያ በኋላም «ጉዲ»ን (1980) እና ልጆች የሚወዱትን «ዲፑ ቁጥር ሁለት»ን (1996) አቀናብሯል።

የራሱን ረጅም ፊልም «አድሂያር»ን ያወጣው ግን በ2003 ነው፤ ከሽልማቱ 24 ዓመት ቆይቶ ማለት ነው። ስሙ በእኛ ቋንቋ «እኩል አራሽ» እንደ ማለት ነው። ታሪኩም በ1946 እና በ1947 የቤንጋል ገበሬዎች ያነሡት የቴብሀጋ እንቅስቃሴ ነው። እኩል አራሾቹ የምርታቸውን ግማሽ ለባለመሬት መስጠት አንገፍግፏቸው «ሁለት እጁ ለእኛ፣ ሲሶው ለባለርስቱ ይሁን» ብለው ተነሡ። ሌሎች ያነሡትን ፊልም ሲመርጥና ሲያያይዝ የኖረ ሰው፣ ተራው ሲደርስ የመረጠው የባለጸጋ ፍቅር ሳይሆን የገበሬ ላብ ነበር።

ቱቱል «ካልቤላ» የተባለውን ሁለተኛ ረጅም ፊልሙን ሳይጨርስ በታኅሣሥ ወር 2018 ዐረፈ። የእርሱን ፊልም ፍጻሜ ያደረሱት እንግዲህ ሌሎች ናቸው፤ በ2021ም ለሕዝብ ታየ።

በየመሥሪያ ቤቱ ደብዳቤ የሚያረቀው አንድ፣ የሚፈርመው ሌላ መሆኑን የምታውቁ አንባቢዎች ይህ ነገር አይጠፋችሁም። ስለዚህ ፊልም አልቆ መብራት ሲበራ ወደ በሩ ከመጋፋት ጥቂት ታግሣችሁ የኤዲተሩን ስም አንብቡ።