የባሕረ ሐሳብን ሠንጠረዥ ስለ ማንበብና ስለ መሥራት

ሠንጠረዥ የሚለው ቃል ወደ አማርኛ የገባው ከጨዋታው ስም ነው፤ በመስመር የተከፋፈለው የመጫወቻ ገበታ መልክ በረድፍና በዐምድ ለተደረደረ ጽሑፍ ሁሉ መጠሪያ ሆነ። ነገሩ ራሱ ግን ከቃሉ አስቀድሞ በብራና መጻሕፍት ውስጥ ይገኝ ነበር። በእንዳ አባ ገሪማ ገዳም የሚጠበቁት ጥንታውያን ወንጌሎች በመጀመሪያ ገጾቻቸው የአውሳብዮስ ዘቂሳርያን ዐሥር ሠንጠረዦች ይዘዋል፤ በእነዚህም የአራቱ ወንጌላውያን ተመሳሳይ ክፍሎች በቍጥር ጐን ለጐን ተሰልፈዋል። እንዲህ ያለውን ሠንጠረዥ ጸሓፊው ከመገልበጥ በቀር ሌላ ሊያደርግበት የሚችለው የለም። አንድ ቍጥር ቢሳት ወንጌሎቹን ከፍቶ ካላመሳከረ በቀር ስሕተቱን የሚያሳየው ምልክት ከገጹ ላይ አይገኝም።

የባሕረ ሐሳብ ሠንጠረዥ ግን ሌላ ጠባይ አለው። የበዓላትና የአጽዋማት ቀመር የሆነው ይህ ትምህርት፣ ትውፊት ለእስክንድርያው ሊቀ ጳጳሳት ለድሜጥሮስ የሚሰጠው፣ በአብዛኛው በቃል የሚሰጥ በመሆኑ ተማሪው የተጻፈውን ሠንጠረዥ ከማየቱ በፊት ስሌቱን ያውቀዋል። ስለዚህ ሠንጠረዡን ሲያነብ የሌላ ሰው ምስክርነት አይቀበልም፤ ራሱ ሊደርስበት የሚችለውን ውጤት ያመሳክራል እንጂ።

የስሌቱ መንገድ በአንድ ዓመት ቢታይ ይገለጣል። 1982 ዓመተ ምሕረት ላይ 5500 ሲደመር ዓመተ ዓለሙ 7482 ይሆናል። ይህ ለ19 ሲከፈል 15 ይተርፋል፤ ከትርፉ አንድ ሲቀነስ ወንበሩ 14 ነው። ወንበሩ በ11 ሲባዛ 154 ሆኖ በ30 ሲገደፍ 4 ይቀራል፤ ይህ አበቅቴ ነው። ያው ወንበር በ19 ሲባዛ 266 ሆኖ በ30 ሲገደፍ 26 ይቀራል፤ ይህም መጥቅዕ ነው። መጥቅዕ ከ14 ሲበልጥ በመስከረም፣ ሲያንስ በጥቅምት ስለሚውል፣ የዚያ ዓመት በዓለ መጥቅዕ መስከረም 26 ቀን ሆነ። ዕለቱ ዓርብ ነበር። የዓርብ ተውሳክ 2 ነውና 26 እና 2 ተደምረው መባጃ ሐመሩ 28 ይሆናል፤ ጾመ ነነዌም ጥር 28 ቀን ሰኞ ገባ። ከነነዌ እስከ ትንሣኤ 69 ቀን ስላለ ፋሲካው ሚያዝያ 7 ቀን ዋለ።

አሁን 19ኙን ወንበሮች በአንድ ዐምድ፣ አበቅቴአቸውን በሁለተኛው፣ መጥቅዓቸውን በሦስተኛው የሚጽፍ ተማሪ ሦስት ነገሮችን ያስተውላል። አንደኛው፣ ወንበር በአንድ ባደገ ቍጥር አበቅቴ በ11 ይጨምራል፤ 365 ቀን ያለው የፀሐይ ዓመት 354 ቀን ካለው የጨረቃ ዓመት የሚበልጠው በዚህ መጠን ነውና። ሁለተኛው፣ ይህ ደንብ በአንድ ስፍራ ይሰበራል። በወንበር 18 አበቅቴው 18 ነው፤ ተከታዩ 29 ይሆናል ተብሎ ሲጠበቅ አልቦ ይሆናል፤ ጭማሪው 11 ሳይሆን 12 ነው ማለት ነው። 11 በ19 ሲባዛ 209 ሲሆን ባለ 30 ቀኖቹ ሰባት ትርፍ ወሮች ግን 210 ስለሚሆኑ፣ የጐደለችው አንዲት ቀን በዑደቱ መጨረሻ ትገባለች። ደንቡን ሳያውቅ 11 እየጨመረ ሠንጠረዡን የሚያስረዝም ሰው በየ19 ዓመቱ አንድ ቀን ይስታል። ሦስተኛው፣ አበቅቴና መጥቅዕ በየረድፉ ሲደመሩ ሁልጊዜ 30 ይሆናሉ። አንባቢውን ከስሕተት የሚጠብቀው ይህ ሦስተኛው ነው።

ያው ነገር በካሬ ወረቀት ላይ በግራፍ ሊነሣ ይችላል። ወንበር በአግድም፣ አበቅቴ ወደ ላይ ሲቈጠር ነጥቦቹ በ11 በ11 ወጥተው፣ ከ30 የሚያልፉ ሲሆን በ19 ይወርዳሉ፤ የሚያገናኛቸው መስመርም የመጋዝ ጥርስ ይመስላል። ሥዕሉ የዑደቱን ሕግ በአንድ እይታ ያሳያል፤ ለማስተማርም ከሠንጠረዡ ይሻላል። ይሁን እንጂ አንዲት ነጥብ በአንድ ቀን ከፍ ወይም ዝቅ ብትል ዐይን አያስተውላትም። ስሕተትን ለማደን ቍጥሩ ይበልጣል።

የአንድ ቀን ስሕተት ደግሞ በብራና ላይ ቀላል ነገር ነው፤ ፮ እና ፯ በቅርጽ እጅግ ይቀራረባሉና። ጸሓፊው በወንበር 14 ረድፍ ፳፮ የሚለውን መጥቅዕ ፳፯ ብሎ ገለበጠው እንበል። ከጐኑ አበቅቴው 4 ስለ ሆነ ድምሩ 31 ይመጣል፤ መደመር የሚያውቅ አንባቢ ወዲያው ይነቃል። ዐምዱን ወርዶ የሚፈልገውን ቍጥር ብቻ ለቅሞ የሚሄደው ግን አይነቃም። ይህ ሁለተኛው አንባቢ ለምን ለረጅም ጊዜ ሳይታወቅበት እንደሚኖር የተውሳክን አሠራር መመልከት ያስፈልጋል።

ተውሳክ ከቅዳሜ ጀምሮ 8፣ 7፣ 6፣ 5፣ 4፣ 3፣ 2 እያለ ዓርብ ላይ ይፈጸማል። መጥቅዕ በአንድ ቀን ወደ ፊት ሲገፋ ዕለቱም በአንድ ይገፋል፤ ተውሳኩም በአንድ ይቀንሳል። ስለዚህ ድምሩ አይለወጥም፤ የተሳሳተው ሠንጠረዥ ትክክለኛውን ነነዌ ይሰጣል። እውነተኛው መጥቅዕ ዓርብ ሲውል ብቻ ነገሩ ይለወጣል፤ ስሕተቱ ወደ ቅዳሜ ያሻግረውና ተውሳኩ ከ2 ወደ 8 ይዘላል። በ1982 ይህ ቢደርስ 27 እና 8 ተደምረው 35፣ ከ30 ሲገደፍ የካቲት 5 ይመጣ ነበር። ነነዌ አንድ ሙሉ ሳምንት ይዘገያል፤ ዐቢይ ጾምም፣ ሚያዝያ 14 የሚሆነው ፋሲካም አብረው ይዘገያሉ። በዕለተ ዮሐንስ የዓመቱን አጽዋማት ለሕዝቡ የሚያውጅ ካህን ይህን ሠንጠረዥ ቢያምን ደብሩን ሁሉ ከሌሎቹ አብያተ ክርስቲያናት ነጥሎ ያጾማል፤ ሌሎቹ በሚፈስኩበት እሑድ የእርሱ ምእመናን ገና ሆሣዕናን ያከብራሉ።

ኦቶ ኖይገባወር በ1979 እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ባሳተመው ስለ ኢትዮጵያ ሥነ ፈለክና ባሕረ ሐሳብ በጻፈው መጽሐፍ፣ የጥንቱ የእስክንድርያ የፋሲካ ቀመር በግዕዝ መጻሕፍት ተጠብቆ መኖሩን አሳይቷል። ለዚህ ጥበቃ የጸሓፍት ጥንቃቄ ድርሻ እንዳለው አይካድም፤ ይሁን እንጂ እያንዳንዱ ረድፍ ዳግመኛ ሊሰላ መቻሉ ከዚያ የሚያንስ ምክንያት አይመስልም። በ532 ዓመቱ ዐቢይ ቀመር ሁሉ የተዘረጋ ሠንጠረዥ ለተጠቃሚው ምቹ ነው፤ ስሕተትም በውስጡ እጅግ ይመቸዋል።

ከላይ የተነገረው ምሳሌ እንኳ ይህን ያሳያል። ከ1982 በኋላ ወንበር 14 በ2001 ተመልሷል፤ መስከረም 26 ሰኞ ነበር። በ2020 ሐሙስ፣ በ2039 ቅዳሜ፣ በ2058 ማክሰኞ ይውላል። በእነዚህ በአራቱ ዓመታት ፳፯ የተጻፈበት መጽሐፍ ትክክለኛውን ፋሲካ ያወጣል። ዓርብ ተመልሶ የሚገጥመው በ2077 ነው።