ከሲኒው እስከ ጫካው፤ በቦንጋ ከተማ ማርና ቡና እየቀመሱ በእግር መዘዋወር

ስማቸው በታወቀ ጥንታውያን ከተሞች አንድ እንግዳ መሪ ይዞ በእግሩ እየተዘዋወረ፤ በአንዱ ሱቅ ጣፋጭ በሌላው ቤት ቡና እየቀመሰ የከተማውን ታሪክ መስማቱ የተለመደ ነገር ሆኗል። በኢስታንቡል ባቅላቫ ይቀርብለታል፤ በቪየና ኬክ ከቡና ጋራ ይመጣለታል። በአገራችንም የሐረርን ጀጎል የጎበኘ ሰው፤ በጠባቦቹ መንገዶች ሲያልፍ የሚቆላው ቡና ሽታ እየመራ እንደሚወስደው ያውቃል። ሰው እየቀመሰ የሰማውን ነገር ቶሎ አይረሳውም። እኛም ይህን በማሰብ እንዲህ ያለውን የእግር ጉዞ ቡና በዱር በሚበቅልበት በከፋ አገር፤ በቦንጋ ከተማ ልንሞክረው ተነሣን።

ቦንጋ ከአዲስ አበባ በጅማ በኩል 450 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ፤ ከባሕር ወለል በላይ 1,700 ሜትር ገደማ ከፍታ ባላቸው ኮረብታዎች ላይ የተሠራች ከተማ ናት። ዙሪያዋን ደን ስለከበባት ጧት ጧት ጉሙ ከሸለቆው ተነሥቶ ቤቶቹን ይሸፍናቸዋል። የከፋ ሕዝብ ለብዙ መቶ ዓመታት ታቶ በሚባሉ ነገሥታት ይተዳደር ነበር፤ ቦንጋም ከነገሥታቱ መቀመጫዎች አንዷ ነበረች። የመጨረሻው ንጉሥ ታቶ ጋኪ ሸሮቾ፤ ራስ ወልደ ጊዮርጊስ በመሩት ዘመቻ በ1890 ዓ.ም. መባቻ ከተያዙ በኋላ አገሩ በዳግማዊ ምኒልክ ግዛት ውስጥ ገባ። ዛሬ ቦንጋ የከፋ ዞን ዋና ከተማ ስትሆን፤ በ2014 ዓ.ም. ለተመሠረተው ለደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሕዝቦች ክልልም የፖለቲካና የአስተዳደር መቀመጫ ናት። ስለዚህ በመንገዶቿ ላይ ደብተር የያዘ ተማሪና ፋይል ያቀፈ ወጣት የመንግሥት ሠራተኛ ብዙ ይታያል።

መሪ የሆነን የከተማው ተወላጅ የሆነ አንድ ወጣት ነው። ስንነሣ መጀመሪያ የጠየቅነው ጣፋጭ የሚሸጥበት ቤት የት እንደሆነ ነበር። ወጣቱ ፈገግ አለና ወደ አንድ ሻይ ቤት ወሰደን። በመስተዋት ሣጥን ውስጥ ቦምቦሊኖና ፓስቲ ተደርድሯል፤ በላን፤ መልካም ነበር። ነገር ግን ዱቄቱም ስኳሩም በመኪና ተጭኖ የመጣ መሆኑን፤ ይህንኑ ቦምቦሊኖ በአዲስ አበባም በደሴም ልናገኘው እንደምንችል ያስታወሰን ራሱ ወጣቱ ነው። የከፋን ጣፋጭ የሚፈልግ ሰው ቀና ብሎ ዛፍ ማየት አለበት ሲል ነገረን። ነገሩ የገባን ከማር ሻጮቹ ዘንድ ስንደርስ ነው።

እስከዚያች ሰዓት ድረስ ማር ሁሉ አንድ ይመስለን ነበር። እዚህ ግን ሻጩ ማሩን ሲያቀምስ የየትኛው ዛፍ አበባ እንደሆነ አብሮ ይናገራል። ጌተም ከሚባለው ትልቅ የጫካ ዛፍ የሚገኘው ማር ነጭ ነው፤ ሲረጋም ቅቤ ይመስላል። ከግራዋ አበባ የሚገኘው ደግሞ መጀመሪያ ጣፍጦ መጨረሻው ላይ መረር ይላል፤ ያውም ምሬት የሚወዱት ሰዎች አሉት። ከነሰፈፉ የቀረበልንን ወለላ ስንቀምስማ ቦምቦሊኖውን ረሳነው። «ማር ሲሰፍሩ ማር ይናገሩ» የሚለውን ምሳሌ ስንት ጊዜ ሰምተነው ይሆን? በዚህ ገበያ ግን ምሳሌው ቃል በቃል ሥራ ላይ ሲውል አየነው። ማር የሚሰፍረው ሰው የሚናገረው ስለ ዛፍ፤ ስለ አበባና ስለ ዝናም ነው።

ከዚያ አንዲት እናት ወደሚኖሩበት ቤት ሄድን። ቄጠማው ተጎዝጉዟል፤ ሲኒዎቹ በረከቦቱ ላይ ተደርድረዋል። ባለቤቲቱ ቡናውን አጥበው በብረት ምጣድ ሲቆሉ ጢሱን በእጃቸው ወደ እኛ ገፋ አደረጉልን። ለቡና ቁርስ የቀረበው የተቀቀለ ጎደሬና ከእንሰት የተጋገረ ቆጮ ነበር፤ አጠገቡም ጥቂት ማር ተቀምጧል። ቡናው ኮረሪማ ኮረሪማ ይሸታል። ኮረሪማም የዚሁ ጫካ ፍሬ ነው፤ በትልልቆቹ ዛፎች ጥላ ሥር ይበቅላል። በአገሩ ቋንቋ በካፊ ኖኖ ቡና «ቡኖ» እንደሚባልም ባለቤቲቱ አስተማሩን። አቦሉን ብዙ ሳንናገር ጠጣነው።

ቶናው ሲቀዳ ጨዋታው ወደ ታሪክ ዞረ። ሁላችንም ከልጅነታችን ጀምሮ የምናውቀው የፍየል እረኛው የካልዲ ነገር ተነሣ። በከፋ ዴቻ ወረዳ ማንኪራ የሚባለው የጫካ ቀበሌ የቡና መገኛ ነው ተብሎ በአገሩ ሰው ይነገራል። መሪያችን ይህን ሁሉ በኩራት ነገረን፤ ነገር ግን የሚነገረውንና የሚታወቀውን ለይቶ በመናገሩ አከበርነው። የእረኛው ተረት በአውሮፓ በጽሑፍ የወጣው ፋውስቱስ ናይሮን የተባለ ሊቅ በሮም ባሳተመው መጽሐፍ፤ እ.ኤ.አ. በ1671 ነው፤ ካልዲ የሚለው ስም የተጨመረው ከዚያ በኋላ ነው። «ኮፊ» የሚለውንም ቃል ብዙዎቹ የቋንቋ ሊቃውንት በቱርክኛው «ካህቬ» በኩል ከዓረብኛው «ቀህዋ» ያመጡታል እንጂ ከከፋ ስም ጋራ ያለው ዝምድና ያከራክራል።

ታዲያ ይህን መናገር የከፋን ክብር ይቀንሳልን? አይቀንስም። ምክንያቱም ተረቱ ቢቀር የማይቀር ምስክር አለ፤ ምስክሩም ዛፉ ራሱ ነው። ሊኔየስ የተባለው የስዊድን ሊቅ እ.ኤ.አ. በ1753 ተክሉን «አረቢካ» ብሎ በዓረብ ስም ቢጠራውም፤ ይህ ቡና ሰው ሳይተክለው በዱር የሚበቅልበት ዋናው ቦታ የደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ደን መሆኑን የዕፀዋት ምርምር አረጋግጧል። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራልና፤ በእውነት የሚኮራ ሰው ተረቱን ተረት ብሎ ለመናገር አይፈራም።

በረካው ሲቀርብ ችግር ገጠመን። እኛ በከተማ እንደለመድነው የሲኒውን ሒሳብ በልባችን አስልተን ገንዘብ አውጥተን ነበር። ባለቤቲቱ ግን ፊታቸው ተለዋወጠና እጃቸውን ሰበሰቡ። በአገራችን ቡና ጎረቤት የሚጠራበት እንጂ የሚሸጥበት አልነበረምና አፈርን። በኋላ መሪያችን እንደነገረን፤ እንግዳ ተቀብለው ለሚደክሙበት ሊከፈላቸው እንደሚገባ ያምናሉ፤ ያስቀየማቸው ገንዘቡ በረከቦቱ ላይ፤ በምርቃቱ ሰዓት መምጣቱ ነው። ስለዚህ ክፍያው ከጉዞው በፊት በስምምነት ተቆርጦ በመሪው በኩል እንዲደርሳቸው ተደረገ። ነገሩ ትንሽ ይመስላል። ነገር ግን ጉብኝት የሚያቋቁሙ ሰዎች ይህን ካልተጠነቀቁ፤ ለእንግዳው የሚያሳዩትን የአገር ደግነት ራሳቸው ያጠፉታል።

ከሰዓት በኋላ ከከተማው ወጥተን ወደ ደኑ ገባን። ቡናው እንደ እርሻ በረድፍ የቆመ አይደለም፤ ቀጠን ብሎ፤ ብርሃን ፍለጋ ወደ ላይ ተስቦ፤ በዋንዛና በሌሎች ትልልቅ ዛፎች ጥላ ሥር እዚህም እዚያም ይገኛል። ከበላያችን ጉሬዛዎች ይዘላሉ። ቀና ስንል በከፍተኛው ቅርንጫፍ ላይ የታሰረ ቀፎ አየን። ጧት ወጣቱ «ዛፍ ማየት አለበት» ያለው ለዚህ ነበር። በዚህ አገር ቆቦ የሚባል የቆየ ሥርዓት አለ፤ ይኸውም አንድ ቤተሰብ በተወሰነ የደን ክፍል ቀፎ የመስቀልና ፍሬ የመልቀም መብት የሚያገኝበት ነው። ቀፎ የሰቀለ ሰው ያን ዛፍ አይቆርጥም፤ ሌላውም እንዲቆርጥበት አይፈቅድም።

ጧት የቀመስነው ማርና ቀን የጠጣነው ቡና የአንድ ጫካ ልጆች መሆናቸውን የተረዳነው እዚህ ነው። የአረቢካ ቡና ያለ ንብ ፍሬ ማፍራት ቢችልም፤ ንብ ሲጎበኘው ፍሬው እንደሚበዛ በልዩ ልዩ አገሮች የተደረጉ ጥናቶች አሳይተዋል። ጌተሙ ቢቆረጥ ነጩ ማር ይቀራል፤ ጥላው ቢጠፋ የጫካው ቡናና ኮረሪማው ይደርቃሉ። ስለዚህ እንጨት ለመሸጥ ወይም እርሻ ለማስፋት አንድ ዛፍ የሚጥል ሰው የሚያጠፋው አንድ ዛፍ ብቻ አይደለም።

ጉዳቱም የከፋ ብቻ ሆኖ አይቀርም። ወጣት አንባቢዎቻችን የሚከተለውን ልብ እንዲሉልን እንወዳለን። ቡና ከአገራችን ወደ የመን፤ ከየመንም ወደ ሌላው ዓለም የሄደው በጣም ጥቂት በሆነ ዘር ነው። እ.ኤ.አ. በ1714 የአምስተርዳም ሹማምንት ለፈረንሳዩ ንጉሥ ለሉዊ 14ኛ አንዲት የቡና ተክል ሰጡ፤ በአሜሪካ አህጉር ከተስፋፋው ቡና ብዙው የተገኘው እንዲህ ካሉ በጣት ከሚቆጠሩ እናቶች ነው። ዘሩ እንዲህ ጠባብ የሆነ ተክል በሽታ ሲመጣበት መከላከያ ያጣል። በሲሎን ደሴት፤ የዛሬዋ ስሪላንካ፤ እ.ኤ.አ. በ1869 የታየው የቡና ቅጠል ዋግ በሃያ ዓመት ገደማ ውስጥ የቡናውን እርሻ ስላጠፋው ገበሬዎቹ ወደ ሻይ ዞሩ። የተባበሩት መንግሥታት የምግብና የእርሻ ድርጅት እ.ኤ.አ. በ1964 እና በ1965 ወደ ኢትዮጵያ መልእክተኞች ልኮ ከጫካችን የቡና ዘር ያሰበሰበውም በዚህ ምክንያት ነው። እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣ ጥናት በዓለም ከሚታወቁት 124 የዱር ቡና ዝርያዎች መካከል ከመቶ 60 የሚሆኑት የመጥፋት አደጋ እንዳንዣበበባቸው ገልጿል፤ የዱሩ አረቢካም ከነዚሁ ውስጥ ነው። እንግዲህ የከፋ ደን በ2002 ዓ.ም. በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ሥፍራነት መመዝገቡ ለጌጥ አይደለም፤ የዓለም የቡና ዘር ጎተራ በመሆኑ ነው።

መዝገብ ግን ብቻውን ዛፍ አይጠብቅም። ዛፉን የሚጠብቀው ቀፎ የሰቀለውና ቡና የሚለቅመው ገበሬ ነው፤ እርሱም የሚጠብቀው ከቆመው ዛፍ የሚያገኘው ከወደቀው የሚበልጥለት ሲሆን ነው። ማርና ቡና እያቀመሱ እንግዳን በእግር ማዘዋወር ጥቅሙ ይህ ነው። ይሁን እንጂ እንግዳው ከሻይ ቤት ወደ ሆቴል ተመልሶ ከቀረ፤ ገንዘቡም በከተማው ውስጥ ብቻ ዞሮ ከቀረ፤ ጫካው ምንም አላገኘም። ጉዞው ከሲኒው ተነሥቶ እስከ ቀፎው ድረስ መሄድ አለበት፤ ክፍያውም እንደዚሁ።

በቦንጋ ብሔራዊ የቡና ሙዚየም ተሠርቷል፤ ማየቱ ይጠቅማል። እኛ ግን ተማሪዎች በዕረፍት ጊዜያችሁ ከሙዚየሙ አልፋችሁ ወደ ደኑ እንድትገቡ፤ የምትቀምሱትም ማር የየትኛው ዛፍ እንደሆነ እንድትጠይቁ እንመክራለን። እናንተም በየመሥሪያ ቤቱ ያላችሁ ወጣት ሠራተኞች፤ ለእርሻ ወይም ለግንባታ የደን መሬት የሚጠይቅ ወረቀት ከጠረጴዛችሁ ሲደርስ፤ በቦታው ቀፎ የሰቀለና ቡና የሚለቅም ሰው መኖር አለመኖሩን ሳታጣሩ አትፈርሙ። ማታ ወደ ከተማው ስንመለስ እኚያ እናት ከደጃቸው ቆመው ለነገም ቡና ጠጡ ብለው ጠሩን። ግብዣውን በደስታ ተቀበልን፤ በዚያ ጊዜ ግን ስለ ገንዘብ ያነሣ ሰው አልነበረም።