ሁለት ዓመት፣ ሃያ ዘፈን፦ የመርሲፉል ፌት የተቀረጹ ሥራዎች እንደ ሰነድ ሲነበቡ



የዛሬው ንግግሬ መርሲፉል ፌት ስለተባለ የዴንማርክ ሄቪ ሜታል ባንድ የተቀረጹ ሥራዎች ነው። ርዕሱን ያያችሁ አንዳንዶቻችሁ፣ ስመ ሰይጣንን ደጋግሞ የሚያነሣ ባንድ በዩኒቨርሲቲ አዳራሽ ምን ጉዳይ አለው ብላችሁ መጠየቃችሁ አይቀርም። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ላልፈው አልፈልግም። እንዲያውም የንግግሬ አስኳል እርሱ ነው። አንድን የሙዚቃ ሥራ በግጥሙ ብቻ አንብበን ፍርድ ስንሰጥ ምን እናጣለን? የዚህ ባንድ ቅጂዎች ለዚህ ጥያቄ ከማውቃቸው ሥራዎች ሁሉ የተሻለ ማስረጃ ያቀርባሉ። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ ኤውሮጳውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ ላሳስብ።

ባንዱ በ1981 በኮፐንሃገን ተመሠረተ። ጊታር ተጫዋቾቹ ሃንክ ሸርማንና ማይክል ዴነር ቀደም ሲል ብራትስ በተባለ፣ ወደ ፐንክ ባዘነበለ ባንድ ውስጥ ሠርተዋል፤ ብራትስ በ1980 በሲቢኤስ አማካይነት አንድ አልበም አሳትሞ ነበር። ድምፃዊው ኪም ቤንዲክስ ፔተርሰን ሲሆን ዓለም የሚያውቀው ኪንግ ዳይመንድ በሚለው የመድረክ ስሙ ነው። ቲሚ ሃንሰን ቤዝ ጊታር፣ ኪም ሩዝ ደግሞ ድራም ይመቱ ነበር። አብዛኛውን ሙዚቃ የሚደርሰው ሸርማን፣ ግጥሙን የሚጽፈው ኪንግ ዳይመንድ ነው። ይህን የሥራ ክፍፍል ያዙልኝ፤ በኋላ እመለስበታለሁ።

ልብ ልትሉት የሚገባ አንድ ነገር አለ። ባንዱ ዴንማርካዊ ይሁን እንጂ የሚዘፍነው በእንግሊዝኛ ነው፤ አሳታሚዎቹም ሆላንዳውያን ነበሩ። በ1982 የወጣውን የመጀመሪያ ሥራቸውን፣ አራት ዘፈኖች ብቻ የያዘውን አጭር ሸክላ፣ ያሳተመው ሬቭ ኦን የተባለ የሆላንድ ድርጅት ነው። ቀጥለው የመጡትን ሁለት አልበሞች ያወጣው ሮድራነርም የዚያው አገር ነው። ትንሽ ቋንቋ፣ ትንሽ ገበያ ያለው አገር ሙዚቀኛ ከመጀመሪያው ዕለት አንሥቶ ለውጭ አድማጭ ይጽፋል። እኔ እንደማየው ይህ ሁኔታ ሥራቸውን ከአካባቢያቸው ልማድ ነጻ አውጥቶታል።

አሁን ወደ ቅጂዎቹ እንግባ። «ሜሊሳ» የተባለው አልበም በሐምሌ 1983 በኮፐንሃገን ኢዚ ሳውንድ ስቱዲዮ ተቀርጾ በዚያው ዓመት ወጣ፤ ሰባት ዘፈኖች አሉት። «ዶንት ብሬክ ዘ ኦዝ»፣ በእኛ አነጋገር «መሐላውን አታፍርስ»፣ በ1984 ወጣ፤ ዘጠኝ ዘፈኖች አሉት። ከመጀመሪያዎቹ አራት ጋር ስንደምራቸው ሃያ ይሆናሉ። ባንዱ በ1985 ሲበተን ያሳተማቸው አልበሞችና አጭር ሸክላ እነዚህ ነበሩ።

በእነዚህ ሃያ ዘፈኖች ውስጥ ምን አዲስ ነገር ነበር? በመጀመሪያ አወቃቀራቸው። በጊታር ተደጋግሞ የሚመታውንና ዘፈኑን የሚሸከመውን አጭር የዜማ ሐረግ ባለሙያዎች ሪፍ ይሉታል። በዚያ ዘመን የተለመደው የሮክ ዘፈን በሁለት ወይም በሦስት ሪፍ ላይ ይቆማል፤ አንዱ ስንኙን፣ ሌላው አዝማቹን ይሸከማል፣ መሐል ላይ ጊታሩ ለብቻው ይወጣል፣ ከዚያ አዝማቹ ተመልሶ ይዘጋል። ሸርማን ግን ሪፉን እንደ ምዕራፍ ይጠቀምበታል። አንዱ ሐረግ ሥራውን ሲጨርስ ይሄዳል፤ ሌላው ፍጥነቱንና ምቱን ቀይሮ ይመጣል፤ የሄደውም ይመለስ ዘንድ ግዴታ የለበትም። በ«ሜሊሳ» ውስጥ ያለው «ሴይታንስ ፎል»፣ ማለትም «የሰይጣን ውድቀት»፣ ከዐሥራ አንድ ደቂቃ በላይ ይረዝማል። አድማጩ አዝማች እየጠበቀ ይቆያል፤ አዝማቹ አይመጣም። ዘፈኑ ግን አይበታተንም፤ እያንዳንዱ ሐረግ ለሚቀጥለው መሸጋገሪያ እንዲሆን ተደርጎ ተሠርቷልና። የዴነር የብቻ ጨዋታ ደግሞ ረጋ ያለና ዜማዊ ነው፤ ከሸርማን ሸካራነት አጠገብ ሲቆም ሁለቱም ይበልጥ ይጎላሉ።

ሁለተኛው ነገር ድምፁ ነው። ኪንግ ዳይመንድ ከተፈጥሯዊ የወንድ ድምፅ በላይ የሚወጣውን፣ ፋልሴቶ የሚባለውን ቀጭን ድምፅ እንደ ዋና መሣሪያ ይጠቀምበታል። ሌሎች የሮክ ድምፃውያን ይህን ድምፅ ለጌጥ፣ በስሜት ጫፍ ላይ ብቻ ያወጡታል። እርሱ ግን በአንድ ስንኝ ውስጥ ከወፍራም ድምፅ ወደ ፋልሴቶ፣ ከዚያም ወደ ሹክሹክታ ይሸጋገራል፤ በስቱዲዮም ድምፁን በድምፁ ላይ እየደረበ ከአንድ ሰው የመዘምራን ቡድን ይሠራል። በሁለተኛው አልበም ይህ ድርረባ በጉልህ ይሰማል። ለመጀመሪያ ጊዜ የሚያዳምጥ ሰው ብዙውን ጊዜ ይስቃል፤ በክፍል ውስጥ ሳሰማ የታዘብኩት ነው። ሳቁ ግን ከሦስተኛው ዘፈን አያልፍም። በኋላ በብቸኝነት ዘመኑ፣ በተለይም በ1987 «አቢጌይል» በተባለው አልበሙ፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አንድ ታሪክ የሚተርክበትን አሠራር ያበጀው በዚሁ ድምፅ ነው።

እስካሁን ስለ ግጥሙ አልተናገርኩም። ግጥሞቹ ስለ ጠንቋዮች፣ ስለ ሙታን መናፍስት፣ ስለ ፈርዖኖች እርግማንና ስለ ሰይጣን ናቸው። አንዳንድ ተቺዎች «ይህ ሁሉ ትያትር ነው» ብለው ሊያድኑት ይሞክራሉ። ይህን አልቀበልም። ኪንግ ዳይመንድ አንተን ላቬይ በ1969 ባሳተመው «የሰይጣን መጽሐፍ ቅዱስ» ውስጥ የራሱን አስተሳሰብ እንዳገኘ በይፋ የተናገረ ሰው ነው። የላቬይ ትምህርት ሰይጣንን እንደ ሕያው አካል የማያመልክ፣ ግለሰብን ከፍ የሚያደርግ ፍልስፍና መሆኑ እውነት ነው፤ ሆኖም አማኝ አድማጭ በግጥሞቹ ቢቆጣ ያልተጻፈ ነገር አነበብህ ልንለው አንችልም።

በ1985 በአሜሪካ፣ የታዋቂ ፖለቲከኞች ባለቤቶች ያቋቋሙትና በእንግሊዝኛ ምህጻሩ ፒኤምአርሲ የተባለው የወላጆች ማኅበር ዐሥራ አምስት አስነዋሪ ያላቸውን ዘፈኖች ዘርዝሮ አወጣ። «ኢንቱ ዘ ኮቨን»፣ ስለ ጠንቋዮች ማኅበር አባልነት የሚያወራው የመርሲፉል ፌት ዘፈን፣ ከዝርዝሩ ውስጥ አንዱ ነበር። በዚያው ዓመት መስከረም ጉዳዩ በአሜሪካ የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት ኮሚቴ ፊት ተሰማ። የሚገርመው፣ ባንዱ በዚያን ጊዜ ፈርሶ ነበር። ያፈረሰውም ውግዘት አይደለም፤ ሸርማን ለገበያ ወደሚመች ለስለስ ያለ ሮክ ሊያዘነብል ፈለገ፣ ሌሎቹ አልተስማሙም። ዝርዝሩ የተጣለው በአንድ የሞተ ባንድ ላይ ነበር ማለት ይቻላል።

የዝርዝሩ አዘጋጆች ዘፈንን የሚያነቡት እንደ ወረቀት ነው። ቃሉ መጥፎ ከሆነ ዘፈኑ መጥፎ ነው፤ ዜማው የቃሉ ማጓጓዣ ብቻ ነው። ይህን አስተሳሰብ የሚፈትን ማስረጃ በ1992 ብቅ አለ። «ሪተርን ኦፍ ዘ ቫምፓየር» በሚል ስም ባንዱ በወጣትነቱ የቀረጻቸው የሙከራ ቅጂዎች፣ ዴሞዎቹ፣ ታተሙ። እዚያ ውስጥ «ዴዝ ኪስ»፣ «የሞት ስሞሽ»፣ የተባለ ዘፈን አለ። ሁለተኛውን አልበም የሚያውቅ ሰው ሙዚቃውን ወዲያው ይለየዋል፤ በ1984 «ኤ ዴንጀረስ ሚቲንግ»፣ «አደገኛው ስብሰባ»፣ ተብሎ አልበሙን የከፈተው ዘፈን ነው። ስለ ሙሉ ጨረቃ ሌሊት የሚናገረው ሌላው ዴሞም እንዲሁ ርዕሱንና ግጥሙን ለውጦ በዚያው አልበም «ዴሴክሬሽን ኦፍ ሶልስ» ሆኖ ተመልሷል።

አንድ ትዝታ ስንት ግጥም እንደሚሸከም ለምናውቅ ለእኛ ይህ እንግዳ ነገር አይደለም። ለሄቪ ሜታል ተቺዎች ግን ትልቅ ትርጉም ሊኖረው ይገባ ነበር። ሙዚቃው ቀድሞ ነበረ ማለት ነው፤ ቃሉ ሊወጣና ሌላ ሊገባበት የሚችል ልብስ ነበር። ይህ ግጥሙን ከተጠያቂነት አያወጣውም፤ ጸሐፊው ለጻፈው ኃላፊ ነው። ነገር ግን በጊታሩ ውስጥ የሚሰማንን ፍርሃት ግጥሙ አመጣው ማለት አንችልም፤ ግጥሙ ሲቀየር ፍርሃቱ አልተቀየረምና። ደግሞም አዲሱ ግጥም ምን ይላል? መናፍስት ለመጥራት የተሰበሰቡ ሰዎች በድፍረታቸው ሲጠፉ ይተርካል። ከስብከት ብዙም አይርቅም።

ይህ መለያየት በተከታዮቻቸው ዘንድ በግልጽ ይታያል። የሜታሊካ ድራም መቺ ላርስ ኡልሪክ ራሱ ዴንማርካዊ ነው፤ ባንዱ በ1984 «ራይድ ዘ ላይትኒንግ» የተባለውን አልበም የቀረጸውም በኮፐንሃገን ነው። በ1998 ሜታሊካ አምስት የመርሲፉል ፌት ዘፈኖችን አገናኝቶ ዐሥራ አንድ ደቂቃ ገደማ የሚረዝም አንድ ቅጂ አወጣ። አምስቱም ከአጭሩ ሸክላና ከ«ሜሊሳ» የተወሰዱ ናቸው። ጄምስ ሄትፊልድ ግን በራሱ ወፍራም ድምፅ ይዘፍናቸዋል፤ ፋልሴቶው የለም። ሪፎቹ ያለ እርሱም ይቆማሉ። በተቃራኒው በ1990ዎቹ መጀመሪያ በኖርዌይ የተነሣው የብላክ ሜታል ትውልድ የኪንግ ዳይመንድን ጥቁርና ነጭ የፊት ቅብና የግጥሙን ርዕሰ ጉዳይ ወረሰ፤ የሸርማንን የተራቀቀ አወቃቀር በአመዛኙ ተወው። አንዱ አጥንቱን፣ ሌላው ቆዳውን ወሰደ። ድምፁን የወሰደ የለም ቢባል ብዙ ማጋነን አይሆንም።

ስለ ሁለተኛው ዘመን በአጭሩ ልናገር። ባንዱ ዳግም ተሰባስቦ ከ1993 እስከ 1999 አምስት አልበሞች አወጣ። የመጀመሪያው «ኢን ዘ ሻዶውስ» ሲሆን በእርሱ ውስጥ ከጥንቶቹ ዴሞዎች አንዱ እንደገና ሲቀረጽ ላርስ ኡልሪክ ድራም መትቷል። የመጨረሻው «9» ይባላል። በመሐሉ ዴነርም ሃንሰንም ወጥተው በሌሎች ተተክተዋል። ጥሩ ዘፈኖች አሉ፤ በ1994 የወጣው «ታይም» በተለይ ንጹሕ ሥራ ነው። ዘፈኖቹ ግን አጠር አጠር ብለዋል፣ አዝማቹም ተመልሷል። ተማሪዎቼ አምስቱን አልበሞች እንዲያጠኑ አልከለክልም፤ ጊዜ የሌለው ግን በሃያዎቹ ዘፈኖች ቢወሰን ብዙ የሚቀርበት አይመስለኝም።

ጥያቄዎቻችሁን ከመቀበሌ በፊት ሁለቱን ቅጂዎች በተከታታይ አሰማችኋለሁ፤ በመጀመሪያ ዴሞውን፣ ከዚያ የ1984ቱን። በመጀመሪያው ዙር ለቃላቱ ጆሮ አትስጡ፤ ጊታሩን ብቻ ተከተሉ። ግጥሞቹን በሁለተኛው ዙር ጎን ለጎን በወረቀት እናያቸዋለን።