እውነት ወይስ ተረት? የፊልም ኤዲተር እንደ ቡና ለቃሚ ነው?

ቡና አገር ላደገ ሰው የፊልም ኤዲተርን ሥራ በለቀማ መመሰል ይቀላል። ካሜራው ያመጣው ሰፌድ ላይ ይዘረጋል፤ ጥቁሩ፣ የተሰበረው፣ ነቀዝ የነካው ይወጣል፤ የቀረው ፊልም ነው። ጅማም ሆነ አጋሮ ይህን ብትሉ የሚቃወማችሁ የሚኖር አይመስለኝም። ግን ተረት ነው።

ለቃሚ መጥፎውን ፍሬ ይጥላል። የዘጋቢ ፊልም ኤዲተር የሚጥለው በአብዛኛው ጥሩውን ነው። ኤዲተሯ ዚቫ ፖስቴክ ፓሪስ ተቀምጣ ዓመታት የፈጀችበት የክሎድ ላንዝማን «ሾዋ» በ1985 (ዓመታቱ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ሲወጣ ከ9 ሰዓት በላይ ይረዝም ነበር። ከፊልሙ ውጭ የቀረው ቀረጻ ደግሞ ከ200 ሰዓት ይበልጣል። በዚያ ውስጥ ከናዚ ጭፍጨፋ የተረፉ ሰዎች ምስክርነት አለ። ነቀዝ የነካው ፍሬ ሊባል ከቶ አይችልም።

ሌላው ተረት፣ ዘጋቢ ፊልም ያለውን እንዳለ ስለሚያሳይ ኤዲተሩ ብዙም አይደክምም የሚለው ነው። የፈረንሳይዋን ኤዲተር የማሪ ጆዜፍ ዮዮትን ሥራ ያየ ይህን አይልም። የዘር ሐረጓ ከማርቲኒክ ደሴት የሚመዘዘው ይህች ሴት በ1958 የዣን ሩሽን «ሟ፣ አን ኗር» ካቀናበሩት አንዷ ናት። ፊልሙ ከኒጀር ወደ አቢጃን ለሥራ የወረዱ ወጣቶችን ይከተላል። ሲቀረጽ ንግግራቸው አብሮ አልተቀዳም። ከባለታሪኮቹ አንዱ ኡማሩ ጋንዳ ኋላ ላይ የራሱን ምስል እያየ በቃሉ ተናገረበት። ተመልካቹ የሚሰማው እውነተኛ ድምፅ ነው፤ ከምስሉ ጋር የተገናኘው ግን ቆይቶ ነው።

ዮዮት በዓመቱ የፈረንሳዊውን ዳይሬክተር የትሩፎን የመጀመሪያ ረጅም ፊልም አቀናበረች። ብዙ ቆይታ፣ በ1996 ስለ ነፍሳት ወደተሠራው «ሚክሮኮስሞስ» መጣች። እሱን ከፍሎራንስ ሪካር ጋር ሠርታ ሦስተኛውን የሴዛር ሽልማቷን ወሰደች። ፊልሙ ንግግር የለውም ማለት ይቻላል። ቀረጻው ሦስት ዓመት ፈጅቷል፤ ተመልካቹ ፊት የሚያልፈው ግን ሜዳ ላይ ነግቶ የሚመሽ አንድ ቀን ነው። ታዲያ ውሸት ነው? ለእኔ አይደለም። ነፍሳቱ የሚያደርጉትን አድርገዋል፤ ኤዲተሮቹ የሠሩት ቀኑን ነው።

ወደ አገራችን ቡና ስንመጣ ጉዳዩ ይከብዳል። በ2006 የታየው የእንግሊዛውያኑ ወንድማማቾች የማርክና የኒክ ፍራንሲስ «ብላክ ጎልድ» የሚከተለው አቶ ታደሰ መስቀላን ነው። ያኔ የሚመሩት የኦሮሚያ ቡና ገበሬዎች ኅብረት ሥራ ዩኒየን የጅማ ማኅበራትንም ያቀፈ ነው። ፊልሙ ውስጥ የሲያትል ስታርባክስ አለ፤ በሲዳማ ለተራቡ ሕፃናት ምግብ የሚሰጥበት ጣቢያም አለ። ሁለቱ የተገናኙት በቅንብር ነው። ማንም ሰው ሁለቱን በአንድ ቀን፣ በአንድ ዓይን አያይም። ፊልሙን አይቶ የወጣ ሰው የሚያስበው ግን ያንን ግንኙነት ነው።

ስለዚህ ሦስተኛውን ተረት ዝም ብዬ ማለፍ አልችልም፦ «ኤዲተር ከየትም ይምጣ፣ ሙያው አንድ ነው።» መቁረጥና መቀጠል የትም አንድ ነው፣ እውነት። ነገር ግን ጅማ ዞን፣ ጎማ ወይም ጌራ ወረዳ የተቀረጸ የቡና ፊልም አስቡ። የበልግ ዝናብ ሲነካው ቡናው በነጭ አበባ ይሸፈናል፤ አበባው በጥቂት ቀን ይረግፋል። ቀዩ እሸት የሚለቀመው ከጥቅምት ጀምሮ ነው። አገሩን የማያውቅ ኤዲተር ነጩን አበባና ቀዩን እሸት ቢያቀጣጥል በጣም ያምራል፤ እንዲያውም ብዙ ሰው ያጨበጭብለታል። «ሚክሮኮስሞስ»ም ጊዜን አጥፎ የለም እንዴ? አጥፏል። እዚህ የሚታጠፈው ግን ክረምቱ ነው፤ ያለፈው ዓመት ቡና ገንዘብ ያለቀበት፣ የዘንድሮው አረንጓዴ ሆኖ ዛፍ ላይ ያለበት፣ ገበሬው ለልጆቹ ደብተርና ለጎተራው በቆሎ የሚበደርበት ወቅት። ጅማ ሠርግና መልስ ሲያቀናብር የዋለ ልጅ ይህን ከቤቱ ያውቀዋል። ያንን ፊልም እሱ እጅ ላይ ማየት እፈልጋለሁ፤ ከአበባው ቀጥሎ ክረምቱን እንዲያስገባው።