የደስታ ቀን ቃል፣ የቍጣ ቀን ዕዳ፦ «ሙገል ኤ አዛም» እንደገና ሲታይ

በህንድ አገር ከተሠሩት የፍቅርና የታሪክ ፊልሞች መካከል ዝናው ካልደበዘዘው አንዱ «ሙገል ኤ አዛም» ነው፤ ትርጓሜውም «ታላቁ ሞጎል» ማለት ነው። በመጀመሪያ የታየው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ኦገስት 5 ቀን 1960 በቦምቤይ ከተማ በማራታ ማንዲር ሲኒማ ቤት ነበር።

ከ1556 እስከ 1605 የነገሠው አክበር ወንድ ልጅ እንደ ተወለደለት የምሥራች ላመጣችለት አገልጋይ ቀለበቱን አውልቆ ይሰጣትና አንድ ቀን የምትለምነውን ሁሉ ሊፈጽምላት ቃል ይገባል። ልዑል ሰሊምም አድጎ የዚህችኑ አገልጋይ ልጅ አናርከሊን ይወዳል፤ አባቱ ቢከለክለውም ጦር ያነሣበታል። የልዑሉ ዐመፅ በታሪክ የተመሰከረ ሲሆን፣ የአናርከሊ ነገር ግን ወደ አፈ ታሪክ ያደላል።

የፊልሙ አዘጋጅ ኬ. አሲፍ ሥራውን የጀመረው በ1940ዎቹ ነው። በ1947 ህንድና ፓኪስታን ሲለያዩ የመጀመሪያው ገንዘብ አውጪ ወደ ፓኪስታን ስለ ሄደ ሥራው ተቋረጠ። በኋላ ሻፑርጂ ፓሎንጂ የተባለው የሕንፃ ሥራ ተቋራጭ ወጪውን ተሸከመ፤ ዓመታት ቢረዝሙና ሂሳቡ ቢያብጥም እስከ ፍጻሜው ጸና። አናርከሊ በመስተዋት በተለበጠው አዳራሽ በንጉሡ ፊት ፍቅሯን ሳትፈራ የምትዘፍንበት ክፍል በቀለም ተነሥቷል፤ አብዛኛው የፊልሙ ክፍል ግን ጥቁርና ነጭ ነበር። በ2004 ሙሉው በቀለም ተዘጋጅቶ እንደገና ታየ። አናርከሊን ሆና የሠራችው ማዱባላ በ1969፣ ሰሊምን የሠራው ዲሊፕ ኩማር በ2021 ዐረፉ።

የፊልሙ ፍሬ ነገር ያለው ግን በመጨረሻው ፍርድ ላይ ነው። አናርከሊ በሕይወቷ በግንብ እንድትዘጋ ከተፈረደባት በኋላ እናቷ ቀርባ የጥንቱን ቃል ታስታውሰዋለች። አክበርም ልዑሉ በሕይወት መኖሯን ከቶ እንዳያውቅ አስጠንቅቆ እናትና ልጅን በስውር መተላለፊያ ከአገር ያስወጣል። ሕዝቡ ፍርዱ የተፈጸመ ይመስለዋል፤ ልጁም አባቱን እንደ ጨካኝ ይቈጥራል።

አባቶች «ከተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ» ይላሉ። አክበር ቃሉን ጠበቀ፤ የልጁን ፍቅር ግን አጣ፤ ምሕረቱንም ማንም አላመሰገነለትም። በወንበር ለተቀመጠ ዳኛም ሆነ በገበያ ውል ለሚዋዋል ነጋዴ ትምህርቱ አንድ ነው፤ ቃል የሚሰጠው በደስታ ቀን ሲሆን፣ የሚጠየቀው ግን መክፈል በሚመርርበት ቀን ነው።